ጠበቃውና አደራው

ጠዋት ጠዋት በምኒልክ አደባባይ በኩል ወደየፍርድ ቤቱና ወደየመሥሪያ ቤቱ የሚጣደፈውን ሰው ልብ ብሎ ለተመለከተው፣ በብብቱ አንድ ነገር ያልያዘ ጥቂት ነው። አንዱ በላስቲክ የተጠቀለለ ፋይል፣ አንዱ የሐኪም ማስረጃ፣ አንዷ ደግሞ የሟች ባሏን መታወቂያ ይዛለች። መኪና የገጨው፣ ከሕንፃ ላይ የወደቀ የቀን ሠራተኛ፣ አባቱን በአደጋ ያጣ ልጅ ሁሉ በዚያ ያልፋል። ነገሩ ከምን ደረሰ ተብሎ ሲጠየቅ መልሱ ብዙውን ጊዜ አንድ ነው፤ «ጠበቃዬ ያውቃል» ይላል።

ይህን ጽሑፍ ያስጻፈችን ይህች ሁለት ቃል ያላት መልስ ናት። ጠበቃው ማወቁ ደግ ነገር ነው። ነገር ግን ከሳሹ ረትቶ፣ ተከሳሹ ካሣውን ከፍሎ፣ ገንዘቡ በጠበቃው እጅ ገብቶ፣ ለባለቤቱ ገና ሳይደርስ ባለችው ጊዜ ውስጥ የሚሆነውን ከጠበቃው ሌላ ማን ያያል? ስለ ክርክር ሥርዓት ብዙ ይጻፋል፤ ስለዚህች ጊዜ ግን የሚጽፍ እምብዛም የለም። እኛ ነገሩን እስከ መጨረሻው በፍርድ ቤት ተመርምሮ ውሳኔ ባገኘ በአንድ ሰው ታሪክ ልናስረዳ አስበናል። ሰውየው በሎስ አንጀለስ ከተማ ይሠራ የነበረ ቶማስ ጂራርዲ የተባለ የታወቀ ጠበቃ ነው።

ሎስ አንጀለስ ከአራዳ ምን አገናኘው የሚል አንባቢ አይጠፋም። መጋቢት 1 ቀን 2011 ዓ.ም. ከቦሌ ተነሥቶ ወደ ናይሮቢ ይበር የነበረው የኢትዮጵያ አየር መንገድ 302 ቁጥር በረራ ከስድስት ደቂቃ በኋላ በቢሾፍቱ አቅራቢያ ወድቆ 157 ሰዎች አለቁ። አውሮፕላኑ ቦይንግ 737 ማክስ ነበረ። ከዚያ አምስት ወር ሳይሞላ በፊት፣ ጥቅምት 19 ቀን 2011 ዓ.ም.፣ የኢንዶኔዥያው ላዮን ኤር ያው ዓይነት አውሮፕላን በጃቫ ባሕር ሰጥሞ 189 ሰዎች ሞተው ነበር። ከእነዚያ የኢንዶኔዥያ ሟቾች የአንዳንዶቹ ቤተሰቦች ቦይንግን እንዲከስላቸው ነገራቸውን የሰጡት ለዚሁ ለጂራርዲ ጽሕፈት ቤት ነው። የእርሱ ውድቀት የተጀመረውም በእነርሱ ገንዘብ ነው። የአሜሪካኑን ታሪክ ከዚህ በኋላ በእነርሱ አቆጣጠር እንጽፋለን።

በመጀመሪያ ስለ ሥራው ጥቂት እንበል። በአሜሪካ በአካል ጉዳት ነገር ብቻ የሚቆም ጠበቃ አለ። ደንበኛው አስቀድሞ ምንም አይከፍልም። ጠበቃው ለባለሙያ ምስክሩም፣ ለሐኪሙም፣ ለመዝገቡም ከኪሱ እያወጣ ይከራከራል፤ ቢረታ ከካሣው ሲሶውን፣ አንዳንዴም እስከ አርባ ከመቶ ይወስዳል፤ ቢረታበት ግን ባዶ እጁን ይቀራል። የሲሶ ነገር ለእኛ አገር ሰው እንግዳ አይደለም፤ አያቶቻችን በመሬት ያውቁታል። ይሁን እንጂ ይህን ሥርዓት ለመንቀፍ መቸኮል አይገባም። እጁ የተቆረጠ የፋብሪካ ሠራተኛ ሚሊዮን ጊዜ ሚሊዮን ያለውን ኩባንያ ፊት ለፊት ሊገጥም የሚችለው በዚህ መንገድ ብቻ ነው። ጂራርዲም ለብዙ ዘመን የተመሰገነው በዚህ ነበር።

ቶማስ ቪንሰንት ጂራርዲ በ1939 በዴንቨር ከተማ ተወለደ። በሎስ አንጀለስ በሎዮላ የሕግ ትምህርት ቤት ተምሮ በ1964 ተመረቀ፤ በ1965 የጥብቅና ፈቃድ አገኘ። ከባልንጀራው ጋር ሆኖ ጂራርዲ ኤንድ ኪስ የተባለውን ጽሕፈት ቤት ያቋቋመውም በዚያው ዓመት ነው። (የሸሪኩ ስም በአማርኛ ሲነበብ ለሚሰጠው ትርጉም እኛ ኃላፊ አይደለንም።) በ1970 በሐኪም ስሕተት ለተጎዳ ሰው ከአንድ ሚሊዮን ዶላር በላይ በማስፈረድ በካሊፎርኒያ የመጀመሪያው ሆነ። በዘመኑ ይህ ትልቅ ወሬ ነበር።

ስሙን በዓለም ያስጠራው ግን የሂንክሊ ነገር ነው። ሂንክሊ በካሊፎርኒያ በረሃ ያለች ትንሽ መንደር ናት። ፓሲፊክ ጋዝ ኤንድ ኤሌክትሪክ የተባለው ኩባንያ እዚያ በነበረው የጋዝ መግፊያ ጣቢያ ከ1952 እስከ 1966 ድረስ የማቀዝቀዣውን ብረት ከዝገት ለመከላከል ክሮሚየም የተባለውን ንጥረ ነገር መርዛም ዓይነት ይጠቀም ነበር። የተበከለውን ውኃ ምንም ንጣፍ በሌለው ኩሬ ይደፋው ስለነበረ ወደ ጉድጓድ ውኃ ሰርጎ ገባ። ከስድስት መቶ የሚበልጡ የመንደሩ ሰዎች ከሰሱ፤ ጂራርዲም ከተከራከሩላቸው ጠበቆች አንዱ ሆነ። በ1996 ኩባንያው 333 ሚሊዮን ዶላር ለመክፈል ተስማማ። ታሪኩ በ2000 «ኤሪን ብሮኮቪች» በሚል ስም ፊልም ሆኖ ወጣ፤ የፊልሙ ዋና ተዋናይ ጁሊያ ሮበርትስም ኦስካር ተሸለመችበት። በፊልሙ መጨረሻ ሁሉም ደስ ብሎት ይለያያል። በእውነተኛው ሂንክሊ ግን ከባለካሣዎቹ አንዳንዶቹ ገንዘቡ ዘገየብን፣ አከፋፈሉም አልተገለጸልንም እያሉ ማማረራቸው ፊልሙ በወጣበት በዚያው ዓመት ተጽፎ ነበር። ሰሚ ግን አላገኙም፤ በፊልም የተሞገሰን ጠበቃ ማን ይጠረጥራል?

ከዚያ በኋላ ጂራርዲ ትልቅ ሰው ሆነ። በካሊፎርኒያ የዳኝነት ሥራ የሚመራበት ምክር ቤት አባል ሆኖ ተሾመ፤ ሹማምንትና ዳኞች በግብዣው ይገኙ ነበር። ሚስቱ ዘፋኝ ነበረች፤ በኋላም የባለጸጋ ሚስቶችን ኑሮ በሚያሳይ የቴሌቪዥን ፕሮግራም ገብታ ቤታቸውንና ጌጣቸውን አገር ሁሉ አየው። በ2010 አንድ ነቀፌታ ደርሶበት ነበር። በኒካራጉዋ የሙዝ እርሻ በመርዝ ተጎዳን ባሉ ሠራተኞች ስም ዶል በተባለው ኩባንያ ላይ የተሰጠን የ489 ሚሊዮን ዶላር ፍርድ በአሜሪካ ለማስፈጸም ሲሞክሩ ለፍርድ ቤት ሐሰት አቅርበዋል ተብሎ፣ ይግባኝ ሰሚው ፍርድ ቤት በእርሱና በባልደረቦቹ ላይ 390,000 ዶላር ቅጣት ጣለ። በሌላ ሰው ላይ ቢሆን ፈቃድ የሚያሳጣ ነገር ነበር። በእርሱ ላይ ግን በተግሣጽ አለፈ።

አሁን ወደ ዋናው ጉዳይ፣ ወደ ገንዘቡ መንገድ እንምጣ።

እንዲህ ያለ ክርክር ብዙውን ጊዜ ፍርድ ላይ አይደርስም፤ በመካከሉ በእርቅ ያልቃል። እርቁ ሲፈረም ከፋዩ ኩባንያ ገንዘቡን ለተጎጂው አይሰጥም፤ ለጠበቃው ጽሕፈት ቤት ይልካል። ጠበቃውም ከራሱ ገንዘብ ለይቶ በአደራ ሒሳብ ያስቀምጠዋል። ከዚያ ድርሻውንና ወጪውን ቀንሶ፣ ሒሳቡን በጽሑፍ አሳይቶ፣ የቀረውን ለደንበኛው ወዲያው መክፈል አለበት። ደንቡ ይህ ነው፤ ግልጽም ነው።

ዕቁብ የገባ ሰው ይህን ለመረዳት አይቸገርም። የዕቁቡ ገንዘብ በገንዘብ ያዡ እጅ ይሰበሰባል፤ ገንዘብ ያዡ ግን ባለቤት አይደለም። ዕጣው በአባላቱ ፊት ይወጣል፤ ገንዘቡ በፊታቸው ይቆጠራል፤ የወሰደውም ዋስ ይጠራል። በጠበቃው የአደራ ሒሳብ ውስጥ ያሉት ሰዎች ግን እርስ በርሳቸው አይተዋወቁም። የአንዱ ገንዘብ መግባቱን ሌላው አያይም። ዕጣ ለማን እንደወጣ የሚያውቅ ገንዘብ ያዡ ብቻ የሆነበትን ዕቁብ አስቡት። ጂራርዲ ከ2010 እስከ 2020 ድረስ የሠራው በዚህ ጨለማ ውስጥ ነው፤ ዐቃቤ ሕግ እንዳለው ከደንበኞቹ የተወሰደው ገንዘብ ከ15 ሚሊዮን ዶላር ይበልጣል።

አንዱን ምሳሌ ዘርዘር አድርገን እንየው። በ2010 በሳን ብሩኖ ከተማ የጋዝ ቧንቧ ፈንድቶ ስምንት ሰዎች ሞቱ። ቧንቧው የዚያው የሂንክሊውን ውኃ የመረዘው ኩባንያ ነበር። በቃጠሎው ክፉኛ የተጎዳ አንድ ወጣት ጂራርዲን ጠበቃ አድርጎ ያዘ፤ የሂንክሊውን ኩባንያ ያንበረከከ ጠበቃ ስለሆነ ከእርሱ የተሻለ ማን ሊኖር ይችላል? ጂራርዲም አላሳፈረውም፤ ከ53 ሚሊዮን ዶላር በላይ አስከፈለ። ለወጣቱ ግን የታረቅነው በ7.25 ሚሊዮን ነው ብሎ ነገረው። ያንንም ቢሆን በአንድ ጊዜ አልሰጠውም፤ ቁንጽል ቁንጽል እያደረገ ይልክለት ነበር። ሰውየው የቆዳው ሕመም ሳይድን «ላም አለኝ በሰማይ፣ ወተቷንም አላይ» ማለት የእርሱ ዕጣ ሆነ።

ሌሎቹም እንዲሁ ናቸው። በጀልባ አደጋ ባሏን ያጣች ሴት ነበረች፤ ልጇ በመኪና አደጋ የተጎዳባት እናትም ነበረች። ገንዘባችንስ ብለው ሲጠይቁ የሚሰጣቸው ምክንያት ልዩ ልዩ ነበር። አንዴ የግብር ጉዳይ አላለቀም ይባላሉ፤ አንዴ ዳኛው ገና አልፈቀዱም፤ አንዴ የሌላ ባለዕዳ ጥያቄ መመለስ አለበት። ምክንያቶቹ ሁሉ የሕግ ቃል ለብሰው የሚመጡ ስለሆነ ሕግ ያልተማረ ሰው ሊመረምራቸው አይችልም። በዚህ ላይ ጂራርዲ ስልክ የሚያነሣ፣ ስለ ጤናቸው የሚጠይቅ፣ ደብዳቤውንም በፍቅር ቃል የሚጽፍ ሰው ነበር። ሌባ ፊቱ ይጠቁራል የሚል ሰው ካለ ይህን ያስብ።

የጮኸ ደንበኛ ሲበዛበት ከሌላው ደንበኛ ገንዘብ እየቆነጠረ ያስታግሠው ነበር። አንዱን ጉድጓድ ለመድፈን ሌላ ጉድጓድ ሲቆፈር ዘመን አለፈ ማለት ነው። የቀረው ለግል አውሮፕላን ጉዞ፣ ለጌጣጌጥ፣ ለጎልፍ ክበብ፣ ለጽሕፈት ቤቱም ደመወዝ ወጣ። ለሚስቱ ኩባንያ ብቻ ከ20 ሚሊዮን ዶላር በላይ ከጽሕፈት ቤቱ ወጪ መደረጉ በኋላ በኪሳራው ክርክር ተገልጿል።

የላዮን ኤር ሟቾች ቤተሰቦች ወደዚህ ቤት የገቡት ጉድጓዱ እጅግ በሰፋበት ጊዜ ነው። ቦይንግ ታረቀ፤ በ2020 ገንዘቡን ላከ። ባሎቻቸውን ያጡት ሴቶች ግን ሊደርሳቸው ከሚገባው የተወሰነውን ብቻ አይተው የቀረው ውኃ በላው። እንግሊዝኛ የማያውቁ፣ የአሜሪካን ፍርድ ቤት ደጃፍ ረግጠው የማያውቁ ሰዎች በሰባት ባሕር ማዶ ሆነው ማንን ይጠይቁ? ነገሩን የገለጠው ባለሥልጣን አልነበረም። በቺካጎ አብሮት ይሠራ የነበረ ኤደልሰን የተባለ የጠበቆች ጽሕፈት ቤት ነው፤ ገንዘቡ የት ገባ እያለ ጠይቆ ጠይቆ መልስ ሲያጣ በዲሴምበር 2020 ከሰሰው። ከጥቂት ቀናት በኋላ ዳኛ ቶማስ ደርኪን ቢያንስ ሁለት ሚሊዮን ዶላር መጉደሉን ተረድተው፣ የጂራርዲንና የጽሕፈት ቤቱን ንብረት አግደው፣ በፍርድ ቤት መድፈር ጥፋተኛ አደረጉት። በዚያው ወር ባለገንዘቦቹ ተሰብስበው ኪሳራ እንዲታወጅበት አመለከቱ። የሃምሳ አምስት ዓመት ሥራ በሦስት ሳምንት ፈረሰ።

የእኛም ሟቾች ነገር የታየው እዚያው በቺካጎ ፌዴራል ፍርድ ቤት መሆኑን ማስታወስ ያስፈልጋል። ቦይንግ በኖቬምበር 2021 ለ302 በረራ ሟቾች ካሣ የመክፈል ኃላፊነት እንዳለበት በፍርድ ቤቱ ፊት ተቀበለ፤ ከዚያ በኋላ የቀረው ክርክር ስለ ገንዘቡ ልክ ብቻ ሆነ። ስለዚህ ከአዲስ አበባ፣ ከናይሮቢና ከሌላም አገር ብዙ ቤተሰቦች በአሜሪካ ጠበቃ አቁመው ገንዘብ በሩቅ ጠብቀዋል። በአሜሪካ ሕግ የአውሮፕላን አደጋ ከደረሰ በኋላ 45 ቀን ሳይሞላ ጠበቃ ያልጠራውን ቤተሰብ ቀርቦ ነገርህን ስጠኝ እንዳይል ተከልክሏል። ሐዘንተኛ በአርባው ሳይወጣ ውል እንዳይፈርም ማለት ነው፤ ሕጉን ያወጡት ሰዎች የእኛን ተዝካር ያውቁ ይመስላል። ሕጉ የመግቢያውን በር ጠብቋል። የመውጫውን፣ ማለት ገንዘቡ ከጠበቃው እጅ የሚወጣበትን በር ግን አይነካም።

እዚህ ላይ አንባቢ መጠየቅ ያለበት ጥያቄ አለ። ይህ ሁሉ ሲሆን ከሳሽ አልነበረም ወይ? ነበረ። የካሊፎርኒያን ጠበቆች የሚቆጣጠረው፣ ፈቃድ የሚሰጠውና የሚነጥቀው ስቴት ባር የተባለው መሥሪያ ቤት በ2022 ራሱ እንደገለጸው፣ በአርባ ዓመት ውስጥ በጂራርዲ ላይ 205 አቤቱታዎች ቀርበው ነበር። ሁለት መቶ አምስት! ብዙዎቹ ስለ ደንበኞች ገንዘብ ነበሩ። ጽሕፈት ቤቱ እስከሚፈርስ ድረስ ግን በይፋ የተቀጣበት አንድም አልነበረም። በ2023 የወጣው ምርመራ ምክንያቱን አሳየ፤ ሰውየው የመሥሪያ ቤቱን ሠራተኞች በግብዣና በስጦታ፣ በወዳጅነትም ለዘመናት ይዟቸው ኖሯል። ተቆጣጣሪው ከተቆጣጠረው ሰው ማዕድ ይበላ ነበር።

በእኛ አስተያየት የነገሩ ሁሉ ቁልፍ ይህ ነው። ስለ ጂራርዲ የጻፉ ብዙዎች የሰውየውን ባሕርይ፣ ስስቱንና የሚስቱን ጌጥ ሲያወሩ ይውላሉ። ስስታም በየአገሩ ሞልቷል። በሎስ አንጀለስ ልዩ የነበረው የሰውየው ዝና የዋስ ቦታ መያዙ ነው። የጥንቱ የአገራችን ሰው ለዝና እንዲህ አይመችም ነበር። ተሟጋች በችሎት ሲቆም ሹምም ቢሆን ዋስ ይጠራል፤ ዋስ ያጣ ባለዕዳም ከአበዳሪው ጋር በቁራኛ ታስሮ ዕዳውን እስኪከፍል አብሮ ይውላል፤ አብሮ ያድራል። ሥርዓቱ ጨካኝ ነበር፤ ይመለስ አንልም። ነገር ግን የገንዘቡ ባለቤት ገንዘቡን ከያዘው ሰው ዓይኑን እንዳይነቅል የሚያደርግ ነበር። የጂራርዲ ደንበኞች ያጡት ይህንን ዓይን ነው።

የወንጀሉ ክስ የመጣው በፌብሩዋሪ 2023 ነው፤ በሎስ አንጀለስም በቺካጎም ተከሰሰ። የሎስ አንጀለሱ ክስ ስርቆት አይባልም፤ በአሜሪካ ፌዴራል ሕግ የመገናኛ መስመርን በመጠቀም ማታለል የሚባለው ነው። የሕግ ተማሪዎች ጓደኞቻችን ይህን ልዩነት ይወዱታል ብለን እናምናለን። ዐቃቤ ሕግ ማስረዳት ያለበት ሁለት ነገር ነው፤ ተከሳሹ ሰውን አታሎ ገንዘብ ለማግኘት ዘዴ አውጥቷል፣ ዘዴውንም ለመፈጸም በስልክ ወይም በባንክ ማስተላለፊያ ወይም በሌላ የኤሌክትሪክ መልእክት ከግዛት ወደ ግዛት ተጠቅሟል። እያንዳንዱ መልእክት ለብቻው አንድ ክስ ሊሆን ይችላል፤ ለአንዱም እስከ 20 ዓመት እሥራት ያስፈርዳል። ደንበኛውን ለማባበል የተላከው «ትንሽ ታገሡ» የሚለው መልእክትም የማታለሉ አካል ሆኖ ይቆጠራል። ለዘመናት የጠበቃው ጋሻ የነበረው የፍቅር ደብዳቤ በችሎት በራሱ ላይ ማስረጃ ሆኖ ተነበበ።

ተከሳሹ በዚያ ጊዜ ሰማንያ ዓመት አልፎት ነበር። ከ2021 ጀምሮ የመርሳት በሽታ ይዞታል ተብሎ ወንድሙ ሞግዚት ሆኖ ተሹሞለት ነበር፤ ጠበቆቹም ለፍርድ ሊቀርብ አይችልም ብለው ተከራከሩ። ዳኛ ጆሴፊን ስቴተን ሐኪሞችን ከሁለቱም ወገን ሰምተው በጃንዋሪ 2024 ሊቀርብ ይችላል ብለው ወሰኑ። የሚረሳ ሰው መቅጣት ምን ይጠቅማል የሚል ጥያቄ በመካከላችን ሲያከራክረን ነበር፤ አንድ ሐሳብ ላይም አልደረስንም። ሰውየው ዛሬ መርሳቱና ገንዘቡን ሲወስድ ማወቁ ሁለት የተለያዩ ነገሮች መሆናቸው ግን ለሁላችንም ግልጽ ነበር።

በኦገስት 2024 ክርክሩ በጁሪ ማለት በሕዝብ ፈራጆች ፊት ተሰማ። ጂራርዲ ራሱ ለምስክርነት ተቀምጦ ተናገረ። የመከላከያው መንገድ ጥፋቱን በጽሕፈት ቤቱ የሒሳብ ሹም በክሪስቶፈር ኬመን ላይ መጣል ነበር። ኬመን በእርግጥ ንጹሕ ሰው አልነበረም፤ ለራሱም የሰረቀ ነበረና በኋላ ጥፋቱን አምኖ በ2025 ከአሥር ዓመት በላይ እሥራት ተፈረደበት። ፈራጆቹ ግን ሹሙ መስረቁ አለቃውን አያነጻም ብለው ኦገስት 27 ቀን 2024 ጂራርዲን በአራት ክስ ጥፋተኛ አሉት።

ፍርዱ የተሰጠው ጁን 3 ቀን 2025 ነው። ቀኑ ሰማንያ ስድስት ዓመት የሞላበት የልደቱ ቀን ነበረ። ሰባት ዓመት ከሦስት ወር እሥራት፣ 35,000 ዶላር መቀጮ፣ ለተጎጂዎችም ከ2.3 ሚሊዮን ዶላር በላይ እንዲመልስ ተፈረደበት። የጥብቅና ፈቃዱ በ2022 ተነጥቆ ነበር። ተወሰደ ከተባለው ጋር ሲተያይ ይመለስ የተባለው ምን ያህል እንደሆነ አንባቢ ራሱ ያሰላ።

ካሊፎርኒያ ከዚህ በኋላ ደንቧን አሻሻለች። ከዲሴምበር 2022 ጀምሮ ጠበቃ ሁሉ የአደራ ሒሳቡን በየዓመቱ እያስመዘገበ ደንቡን ማክበሩን እንዲያረጋግጥ ግዴታ ሆነ፤ ከኦገስት 2023 ጀምሮ ደግሞ የሙያ ጓደኛው የደንበኛ ገንዘብ መብላቱን ያወቀ ጠበቃ ዝም እንዳይል ታዘዘ። አስቀድሞ እንዲህ ያለ ግዴታ አልነበረም ሲባል መስማት ያስደንቃል። በጠበቃ ለተሰረቁ ደንበኞች የሚከፍል የመድን ገንዘብም አለ፤ ለአንድ ሰው የሚሰጠው ግን ከ100,000 ዶላር አይበልጥም።

ወደ አገራችን እንመለስ። በእኛ ዘንድ ገንዘቡ ትንሽ ነው። በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ ካሣ ከደረሰው ጉዳት ጋር ትክክል ይሁን ቢልም፣ ስለ ኅሊና ጉዳት የሚከፈለው በቁጥር 2116 ከ1000 ብር እንዳይበልጥ ወስኗል። በ1952 ዓ.ም. ይህ ገንዘብ በሬ ከነጥማዱ የሚገዛ ነበር፤ ዛሬ ለሐዘንተኛ የቡና ወጪ አይበቃም። በ2005 ዓ.ም. የወጣው የተሽከርካሪ የሦስተኛ ወገን መድን አዋጅ ቁጥር 799 ደግሞ ለሞት ከ5,000 እስከ 40,000 ብር መድቦ ነበር። ማነሱ ግን አደራውን አያቀልለውም። ለጂራርዲ ደንበኛ አንድ ሚሊዮን የነበረው ነገር፣ በአራዳ ለምትኖር አንዲት ባሏ የሞተባት ሴት ያች ትንሽ ገንዘብ ናት፤ የቤት ኪራይና የልጆች ትምህርት ቤት ናት።

ሕጋችንም ባዶ አይደለም። ጥብቅና በሕግ ዓይን ውክልና ነው፤ የፍትሐ ብሔር ሕጉ ተወካይ ለወካዩ ጥቅም ብቻ እንዲሠራ፣ በውክልናው ምክንያት የተቀበለውን ገንዘብ ሁሉ ሒሳብ እንዲያቀርብ ያስገድደዋል። በ1996 ዓ.ም. የወጣው የወንጀል ሕግ በቁጥር 675 እምነት ማጉደልን ይቀጣል። በ2013 ዓ.ም. የወጣው አዋጅ ቁጥር 1249 የፌዴራል ጠበቆች ማኅበርን አቋቁሟል፤ ጠበቆችም በድርጅት ተሰባስበው እንዲሠሩ ፈቅዷል። በዩኒቨርስቲያችን የሕግ ፋኩልቲ በ1956 ዓ.ም. ከተከፈተ ወዲህ የወጡት ጠበቆች ብዙ ናቸው፤ አብዛኞቹም እንጀራቸውን በላባቸው የሚበሉ ናቸው። ድርጅት ሲመጣ ግን በጠበቃውና በደንበኛው መካከል የሒሳብ ሹም፣ ጸሐፊና ባንክ ይገባሉ። ጂራርዲም የሰረቀው በእነርሱ በኩል ነው።

ባለጉዳዩ ሁሉ እጁ ላይ ያለው ወረቀት ግን ውክልናው ነው። የሰነዶች ማረጋገጫ መሥሪያ ቤት፣ ሕዝቡ ውልና ማስረጃ የሚለው፣ ዘንድ ቀርቦ ሲፈርም ብዙው ሰው አያነበውም፤ መስመሩም ረጅም ነው። እንዲከራከርልኝ፣ ይግባኝ እንዲልልኝ ከሚለው ቀጥሎ፣ እንዲታረቅልኝ፣ ገንዘብም እንዲቀበልልኝ የሚሉ ቃላት ገብተው ይገኛሉ። በፍትሐ ብሔር ሕጉ ቁጥር 2205 መሠረት ተወካይ ስለ ሌላው ሰው ለመታረቅ ልዩ ሥልጣን ያስፈልገዋል፤ ይኸውም ሥልጣን ካልተጻፈለት የለውም ማለት ነው። ስለዚህ ገንዘቡን ራሴ ፍርድ ቤት ቀርቤ እቀበላለሁ የሚል ባለጉዳይ ያችን አንዲት ቃል ማስወጣት ይችላል፤ ጠበቃው በዚህ ምክንያት መከራከር አይሳነውም። በውሉ ላይ የጠበቃው ድርሻ ከመቶ ስንት እንደሆነ፣ ወጪውም ከድርሻው በፊት ወይስ በኋላ እንደሚቀነስ በፊደል ማስጻፍም ይቻላል። የእርቁን ስምምነት ቅጂ ከጠበቃው ብቻ ሳይሆን ከመዝገቡ ቤት መጠየቅም የባለጉዳዩ መብት ነው፤ የሳን ብሩኖው ወጣት 53ቱን ሚሊዮን የሚያሳየውን ወረቀት በጊዜው ቢያይ ኖሮ 7.25 የሚለውን ወሬ ለአንድ ቀንም አያምንም ነበር። አንዴ የተሰጠ ውክልናም እስከ ዘለዓለም አያስርም፤ በቁጥር 2226 ወካዩ በፈለገ ጊዜ ሊሽረው ይችላል፤ መሻሪያውንም በዚያው ውክልናውን በፈረመበት መሥሪያ ቤት ያስመዘግባል።